የበረሮ ሞግዚት

«ተነሥ! ተነሥ አልኩህ፣ አንተ የማትረባ!»

ጥሩብርሃን ከእንጨቱ ሣጥን ላይ አጎንብሳ በዶሮ ላባ ጫፍ የትልቁን በረሮ ሆድ ነካ ነካ አደረገችው። በረሮው በጀርባው ተንጋሎ ከስድስት እግሮቹ አንዷን ብቻ አነቃነቀና መልሶ ተዋት። የቀሩት አራቱ ረጃጅም ጢሞቻቸውን ጥለው በየጥጋቸው ተኮራምተዋል። ትናንት በዚህ ሰዓት የጣቷን ጥላ ሲያዩ ከግድግዳ ግድግዳ የሚላተሙ ነበሩ።

ቅዳሜ ጧት ነው። የሐምሌ ዝናብ ሌሊቱን ሙሉ የኮልፌን ጭቃ ሲያቦካ አድሮ አሁንም አላባራም። ነገ ከምሳ በኋላ ጣሊያናዊው የጦር ሹም ማርሻሎ ብሩኖ እነዚህን በረሮዎች በጥቁር ጨርቅ ሸፍኖ ወደ መኮንኖቹ መዝናኛ ቤት ይወስዳቸዋል። እዚያ በሳንቃ የተከፋፈለ ረጅም ጠረጴዛ አለ። በአንድ ጫፍ ፋኖስ ያበሩባቸዋል፤ በረሮ ብርሃን ስለማይወድ ወደ ጨለማው ጫፍ ይፈረጥጣል፤ በረሮው ቀድሞ ለደረሰለት ሰው ይጨበጨብለታል። አገር የወረሩ፣ ቤት ከነሰዉ ያቃጠሉ ትልልቅ ወንዶች ናቸው እንግዲህ ይህን የሚያደርጉት። ነገ ደግሞ አንድ ኮሎኔል የራሱን በረሮ ይዞ ከከተማ ይመጣል ስለተባለ ማርሻሎው እንቅልፍ አጥቶ ነው የሰነበተው።

የኮልፌ ሰው ማርሻሎውን «አባ በረሮ» ይለዋል። እሷን በፊቷ «ጥሩብርሃን»፣ ዞር ስትል ደግሞ «የበረሮ ሞግዚት» ይሏታል። ታውቃለች። ሰምታ እንዳልሰማች ታልፋለች እንጂ ሆዷ እርር ይላል።

ይህን ሥራ የያዘችው ወዳ አይደለም። ባሏ መሸሻ ሸማኔ ነው። የካቲት ላይ ጣሊያን ከተማውን ሲያርድ፣ ሠርቶ የጨረሰውን ኩታ ትከሻው ላይ እንዳደረገ ከመንገድ ይዘውት ሄዱ። ምን አጠፋ? በዚያ ቀን በእግሩ መሄዱ ነው ያጠፋው። በሕይወት ይኑር ይሙት ሳታውቅ ስትንከራተት ከርማ፣ ሚያዝያ ሲጋመስ ወደ አስኮ በሚወስደው መንገድ ዳር ካለው የድንጋይ ካባ ውስጥ፣ እግሩ በሰንሰለት ታስሮ ድንጋይ ሲፈልጥ አየችው። የካባው አዛዥ ማርሻሎ ብሩኖ ነበር። ልትለምነው ቤቱ ድረስ ሄደች። ሰውየው በረንዳው ላይ ቁጭ ብሎ፣ ከምጽዋ ወደብ ያስመጣቸውን ትልልቅ ቀያይ በረሮዎች ሬሳ በመስተዋት ዕቃ ታቅፎ ዓይኑ እንባ አቅርሯል።

ጥሩብርሃን ሳቀች። የደስታ ሳቅ አልነበረም፤ ከአንጀቷ የወጣ የንዴት ሳቅ ነው። የካቲት ላይ ለሞተው ሰው ያላለቀሰ ዓይን ለበረሮ ያለቅሳል!

«ምን ያስቃታል ይላል» አላት አስተርጓሚው ፈቀደ እየፈራ። በሚሲዮን ትምህርት ቤት ጣሊያንኛ የተማረ፣ ለእንጀራው ሲል እዚያ ቤት የገባ ወጣት ነው።

«ብርድ ነው የገደላቸው በለው። የቆላ ፍጥረት አምጥቶ በኮልፌ ብርድ፣ በባዶ መስተዋት ላይ አስቀምጦ ያለቅሳል እንዴ? በዚህ አገር ሊጥ እንኳ ተሸፍኖ ነው የሚቦካው።»

ያስቀጠረቻት ይህች ቃል ናት። ማርሻሎው በሕይወት የቀሩትን አምስት በረሮዎች እዚያው ቤቱ እንድትጠብቅ ሰጣት። በደንብ ከያዘችለትና ለውድድር ካደረሰችለት በሁለት ወር ውስጥ ባሏን እንደሚለቅላት በአስተርጓሚው አፍ ቃል ገባላት። ሁለቱ ወር ካለፈ ሳምንታት ተቆጠሩ።

ስለ በረሮ ያልተማረችው የለም። ሣጥኑን ሊጥ እንደሚጠቀለል በኮባ ትጠቀልለዋለች፤ ከሥሩ በአመድ የተዳፈነ ፍም በሸክላ ድስት ታኖራለች፤ ጉንጯን ከሣጥኑ ጎን አስደግፋ ሙቀቱን ትለካለች። ውሃ በሳህን ከተሰጣቸው ገብተው ይሰጥማሉ፤ ስለዚህ መሸሻ ጥሎት ከሄደው ባዘቶ ቆንጥራ ውሃ ነክራ ታስቀምጥላቸዋለች። በገላጣ ቦታ ከተተዉ መሸሸጊያ ፍለጋ ሲራወጡ ውለው ይደክማሉ፤ ስለዚህ የባሕር ዛፍ ቅርፊት ጎን ለጎን እያቆመች ጠባብ ጠባብ ጨለማ ትሠራላቸዋለች። የተረፋቸውን ዳቦና ድንች ሳይሻግት ትለቅማለች። እንዳይሰንፉ ማታ ማታ ቅርፊቱን አንሥታ ታሯሩጣቸዋለች። ወጥተው እንዳይጠፉም የሣጥኑን አፍ ዙሪያውን ቅቤ ትቀባዋለች። ቅቤ! አማቷ ወይዘሮ አልማዜ ቅቤ ከቀመሱ ዓመት ሊሞላቸው ነው፤ በረሮ ግን በቅቤ ታጥሮ ስኳር ይልሳል። ይህን ባሰበች ቁጥር ሣጥኑን ከድንጋይ ጋር ልታላትመው ይቃጣታል። ከዚያ መሸሻ ትዝ ይላትና እጇን ትሰበስባለች።

ታዲያ ዛሬ ምን ነካቸው? ፍሙ አልጠፋም። ባዘቶው እርጥብ ነው። ፊቷን ወደ ሣጥኑ ዝቅ ስታደርግ አፍንጫዋን አንድ የምታውቀው ሽታ መታው። ወይራ ነው።

ያን ጊዜ ገባት። ትናንት ማርሻሎው አፍንጫውን ይዞ «ይሸታል፣ አጽጂው» ብሎ ነበር። እሷም አጸዳች። በረሮዎቹን ወደ ጣሳ ገልብጣ ሣጥኑን ደጅ አወጣችው፤ በግራዋ ቅጠል ፈተገችው፤ ሲደርቅ ደግሞ የወይራ ፍልጥ አጭሳ ጢሱ ላይ ደፍታ አጠነችው። የወተት ዕቃ የሚጸዳው እንዲህ ነው። ከልጅነቷ ጀምሮ እጇ የለመደው ይህንኑ ስለሆነ እጇ ራሱ ሄዶ ሠራው። ግራዋና ጢስ ተባይ እንደሚያባርር አጥታው አይደለም። በረሮ ተባይ መሆኑን ነው የረሳችው! እንደ ልጅ ስታበላና ስታሞቅ ከርማ ተባይነታቸው ከልቧ ጠፋ። በዚህ ከሁሉ ይበልጥ ተናደደች።

የጫማ ድምፅ መጣ። ማርሻሎው ግማሽ ፊቱ ሳሙና እንደተቀባ፣ ፎጣ ትከሻው ላይ ጣል አድርጎ ገባ። ፈቀደ ተከትሎታል። ማርሻሎው ወደ ሣጥኑ አየና ጮኸ። ከጩኸቱ ውስጥ የገባት «ፉልሚኔ» የሚለው ብቻ ነው። የትልቁ በረሮ ስም ነው፤ መብረቅ ማለት ነው ብሏት ነበር ፈቀደ።

«ምን አደረግሽው ይላል።»

«ብርድ መቶት ነው በለው።»

ጥፊው ሳታየው መጣ። ግድግዳው ያዛት እንጂ ወድቃ ነበር። ጆሮዋ ጭው እያለ ማርሻሎው ጣቱን እየቀሰረ ሲለፈልፍ አየችው።

«ፉልሚኔ ነገ ካልሮጠ ባልሽ ከዚያ ካባ በሬሳ ካልሆነ አይወጣም ይላል» አለ ፈቀደ ዓይኑን መሬት ላይ ተክሎ። «እትዬ ጥሩ፣ እኔ እሱ ያለውን ነው የምልሽ።»

«ገባኝ። እስከ ምሳ ሰዓት ይታገሠኝ በለው። ባዶ የመኮሮኒ ሣጥን ያሰጠኝ። እኔ ኮባ ይዤ እስክመለስ ደግሞ ይህን መስኮት ክፈትና አየር ይግባ፤ ሌላ ምንም እንዳትነኩ።»

ነጠላዋን ተከናንባ በዝናቡ ወጣች። ጉንጯ ይቃጠላል፤ ውስጧ ደግሞ ከጉንጯ ብሶ ይቃጠላል። ጎረቤቷ ሰብሪያ ቆጮ ነጋዴ ናት፤ ኮባ ከቤቷ አይጠፋም። በሯ ላይ ቆማ ዝናቡን ስታይ አገኘቻት።

«አንቺ፣ ጉንጭሽ ምን ሆነ?»

«ምንም። ኮባ ስጪኝ፣ ሰፋ ሰፋ ያለውን።»

«ለዚያ ለአባ በረሮ ነው አይደል? ወላሂ አልሰጥም! የሰው ልጅ መሬት ላይ ተኝቶ በረሮ በኮባ ይጠቀለላል?»

«ለመሸሻ ነው ሰብሪያ።»

ሰብሪያ ገብታ ሦስት ትልልቅ ቅጠሎች ይዛ ወጣችና በጥሩብርሃን ጉንጭ ላይ የወጣውን የጣት ምልክት ትክ ብላ አየችው።

«እጁን ይቁረጠው» አለች። «ሂጂ በይ፣ ሳይደርቅ።»

የራሷ ቤት ከሰብሪያ ቤት ጎን ስለሆነ ፍም ልትጭር ገባ አለች። ወይዘሮ አልማዜ ከመሸሻ የሽመና ጉድጓድ አጠገብ ጋቢ ተከናንበው ጥጥ ይፈትላሉ። ልጃቸው ከተወሰደ ወዲህ እግር ያልገባበት ያ ጉድጓድ በሳንቃ ተከድኗል፤ እሳቸው ግን አሁንም ለሱ ለሽመና የሚሆን ድውር ያዘጋጃሉ። ሳል ሲይዛቸው እንዝርቱ ይቆማል፤ ሲለቃቸው ይቀጥላሉ።

«መጣሽ?» አሉ ቀና ሳይሉ። «ልጄ ድንጋይ ይፈልጣል፤ አንቺ በረሮ ታባብያለሽ!»

«ልጅዎ እንዲወጣ ብዬ ነው እናቴ።»

«በሁለት ወር ያልሽኝ ስንት ሆነው? እኔ አሮጊት ብሆንም ጅል አይደለሁም። ያ ሰውዬ ምን ሲል ነው መሸሻን የሚለቅልሽ? ሞግዚት ያገኘ ሰው ሞግዚቱን ያሰናብታል?»

«ታዲያ ምን ላድርግ? እርስዎ ይንገሩኝ! ቁጭ ብዬ ልፍተል?»

ከአፏ ከወጣ በኋላ ደነገጠች። ለአማቷ እንዲህ ተናግራ አታውቅም። ወይዘሮ አልማዜ ጥጡን ከጭናቸው ላይ አራገፉና ፊታቸውን አዞሩ። ከምድጃው ፍሙን ሙልጭ አድርጋ በሸክላ ድስት ጨረችውና ወጣች። ቤቱ ውስጥ የቀረው አመድ ብቻ ነው።

የመኮሮኒው ሣጥን ከዱቄት በቀር ሌላ ነገር አይሸትም። በደረቅ ጨርቅ ብቻ ወለወለችው። ውሃ እንኳ አላስነካችውም። በረሮዎቹን በላባ እየጠረገች አንድ በአንድ አዛወረቻቸው፤ በእጅ ሲጨበጡ ይደነግጣሉ፤ እግራቸውም ይሰበራል። አዲስ ቅርፊት አቆመችላቸው። ሣጥኑን በኮባ ጠቀለለችው፤ ፍሙን አመድ አልብሳ ከሥሩ አስገባችው። ከዚያም ባዘቶ በስኳር ውሃ ነክራ ጨመቀችና ለፉልሚኔ አፉ ድረስ አስጠጋችለት።

ሌላ የሚደረግ አልነበረም። ተቀመጠችና ጠበቀች። አንድ ጊዜ ጉንጯን፣ ያኛውን ያልተመታውን፣ ከሣጥኑ ጎን ታስጠጋለች፤ ሲግል አመድ ትጨምራለች፤ ሲቀዘቅዝ ትገልጣለች። «ተነሥ» ትለዋለች በረሮውን። «ተነሥ እንጂ፣ የሰው ነፍስ ነው የተሸከምከው፣ ተነሥ።» በመሃል ስለ መሸሻ እግር ታስባለች። ለመጨረሻ ጊዜ ስታየው ሰንሰለቱ ቁርጭምጭሚቱን ልጦት፣ ቁስሉ ላይ የድንጋይ ዱቄት ተለጥፎበት ነበር። የሽመናውን መርገጫ የሚረግጠው በዚያ እግሩ ነው።

ስድስት ሰዓት ሲሆን ከአራቱ ሁለቱ ቅርፊቱ ሥር ገብተው ተሸሸጉ። መሸሸግ ደግ ምልክት ነው። ትንሽ ቆይቶ የፉልሚኔ ጢም ተወዛወዘ። ባዘቶውን አገኘው፤ መጠጠ። ከዚያ እግሮቹን አየር ላይ ሲያንፈራግጥ ቆየና ተገለበጠ። ቅርፊቱን ብታነሣበት ሽው ብሎ ወደ ማዶው ጥግ ሄደ።

«እሰይ!» አለች ጮክ ብላ። ወዲያው በራሷ አፈረች። በሰላሳ ዓመቷ በረሮ ስለተገለበጠላት እሰይ የምትል ሴት ሆናለች።

ማርሻሎው መጥቶ ሲያይ እንደ ሕፃን ዘለለ። አጎንብሶ ሣጥኑን ሳመው። ከኪሱ አንድ ብስኩት አወጣና፣ ጧት በመታት በዚያው እጁ ዘረጋላት። ጥሩብርሃን ብስኩቱን አልተቀበለችም።

«ተነሥቶልሃል በለው» አለች ለፈቀደ። «ሁለት ወሩ ካለፈ ቆየ። መሸሻን መቼ ነው የምትለቅልኝ በለው።»

ማርሻሎው ሰምቶ ሳቀ። ትከሻዋን መታ መታ አደረገና ጥቂት ተናገረ።

«ክረምቱ ይለፍ ይላል። ከዚያ ደግሞ ከምጽዋ ሌሎች ይመጣሉ፣ አንቺ ብልህ ሴት ነሽ፣ ገና ብዙ እንሠራለን ይላል።»

ማርሻሎው እያፏጨ ወጣ። ፈቀደ ግን አልተከተለውም። በሩን ገርበብ አድርጎ እዚያው ቆመ። ጉንጯን ያይና ዓይኑን ይሰብራል።

«ምነው? ምን ቀረህ?» አለችው።

«እትዬ ጥሩ፣ አንድ ነገር ልንገርሽ። ስሜን እንዳታነሺ ብቻ።»

«ተናገር።»

«የባልሽ መፈቻ ወረቀት መጥቷል። ከመጣ ሦስት ሳምንት ሆኖታል። የእጅ ሥራ ያላቸው እስረኞች ይፈቱ ተብሎ ከከተማ፣ ከበላዮቹ ነው የመጣው። የአናጢዎቹና የግንበኞቹ ማኅተም ተመቶበት ከተፈቱ ቆዩ። የመሸሻን ብቻ መሳቢያው ውስጥ ቆልፎበታል።»

«ለምን?»

ፈቀደ ወደ በሩ አየ። «ባሏ ከወጣ ነገ ተመልሳ አትመጣም፣ በረሮዎቼን ከሷ በቀር የሚያውቅልኝ የለም አለ። እኔው ፊት ነው ያለው። እስከዛሬ ፈርቼ ዝም አልኩ።»

ጥሩብርሃን መጀመሪያ ምንም አልተሰማትም። ቀጥሎ ግን ንዴቱ ከእግር ጥፍሯ ተነሥቶ ወጣ። ሦስት ሳምንት! በእነዚያ ሦስት ሳምንታት ባዘቶ ነክራለች፣ ቅቤ ቀብታለች፣ ጉንጯን አስደግፋ ሙቀት ለክታለች። በረሮዎቹ በተደሰቱ ቁጥር የመሸሻ ሰንሰለት ይጠብቅ ነበር ማለት ነው። በገዛ ጉብዝናዋ ነው ባሏን ያሰረችው። ዛሬ ጧት በጢስ ደንዝዘው ሳሉ ብትተዋቸው ኖሮ እንኳ ባልከፋ! እሷ ግን በጥፊ ተመትታ አስነሣችለት። አማቷ ጥጥ እየፈተሉ ከቤት ሳይወጡ ያወቁትን እሷ እዚህ እየዋለች አላወቀችም።

ሣጥኑን መጨፍለቅ አማራት። እግሯንም አንሥታ ነበር። ግን ከጨፈለቀቻቸው ነገሩ አለቀ፤ ማርሻሎው የሚፈልገው ነገር አይኖርም፤ መሸሻም ይቀራል። እግሯን መለሰች። አጎነበሰችና ከሣጥኑ ሥር የፍሙን ድስት ሳበችው። ኮባውንም ገፈፈችው፤ የሰብሪያ ነው። ድስቱን በነጠላዋ ጫፍ ይዛ ቀና አለች።

«ምን ልታደርጊ ነው?» አለ ፈቀደ ደንግጦ።

«ወደ ቤቴ ልሄድ ነው። ለጌታህ ንገረው፣ ወረቀቱ እንዳለ ሰምታለች በለው። ከማን ሰማች ካለህ ከተፈቱት ግንበኞች በለው። የበረሮዎቹ እሳት እኔ ቤት ነው በለው።»

«ይገድልሻል እኮ!»

«ይግደለኝ። ከዚያ ማን ያሞቅለታል? አንተ ነህ?»

ከቤት ስትገባ ወይዘሮ አልማዜ እንዳኮረፉ ነበሩ። ድስቱን እፊታቸው አስቀመጠችው፤ አመዱን ገለጥ ስታደርገው ፍሙ ቀላ።

«ይህ ደግሞ የማን እሳት ነው?»

«የበረሮ ነው እናቴ። ዛሬ ግን እርስዎ ይሙቁት። ጧት ስለተናገርኩዎ ይቅር ይበሉኝ። እውነቱን ነበር የነገሩኝ።»

የሆነውን ሁሉ ነገረቻቸው። ወይዘሮ አልማዜ እጃቸውን ፍሙ ላይ ዘርግተው እስከ መጨረሻው ሰሙ። ብዬሽ አልነበረም ወይ ይሉኛል ብላ ጠብቃ ነበር፤ እሳቸው ግን ተነሥተው የበሩን መዝጊያ ገፋ አደረጉና ከፈቱት።

«ክፍት ይሁን» አሉ። «ሲመጣ ፈርታ ዘጋች እንዳይል።»

ማርሻሎው ዐሥር ሰዓት ገደማ መጣ። ሣጥኑን ካፖርቱ ሥር ከሆዱ ጋር አጣብቆ፣ እስከ ጉልበቱ ጭቃ ለብሶ፣ ፈቀደን አስከትሎ ከደጃፉ ላይ ቆመ። በሩ ዝቅተኛ ስለሆነ ለመናገር ማጎንበስ ነበረበት። ሰብሪያ ከበሯ ላይ እጆቿን አጣምራ ታያለች፤ በየቤቱ ደጃፍ ሰው ወጥቷል።

ማርሻሎው ጮኸ። ፈቀደ መተርጎም ሳይጀምር እጁን ወደ ሽጉጡ ሲሰድ አየችው። ግን ከተቀመጠችበት አልተነሣችም።

«ይተኩስ በለው» አለች። «ነገ ኮሎኔሉ ሲመጣ በረሮዎቹን ራሱ ያነቃቸው።»

ፈቀደ ተረጎመ። ጧት ዓይኑን መሬት ላይ የተከለው ልጅ አሁን ድምፁ አልተንቀጠቀጠም፤ ከራሱም ሳይጨምርበት አልቀረም። ማርሻሎው ሣጥኑን ከፈተና ጣቱን ሰደደ። ፉልሚኔ በብርዱ ደንዝዞ ሲነካም አልተንቀሳቀሰም። ማርሻሎው አንድ ጊዜ በረሮውን፣ አንድ ጊዜ አማቷ እጃቸውን የሚሞቁበትን ድስት አየ። ፊቱ ቀላ፣ ነጣ። በመጨረሻ ሽጉጡን ተወና ከደረት ኪሱ የታጠፈ ወረቀት አውጥቶ ዘረጋላት።

«ማኅተም ተመቶበታል ይላል። ውሰጂና በረሮዎቹን አሙቂልኝ ይላል።»

ጥሩብርሃን እጇን አልዘረጋችም።

«እኔ ወረቀት አላነብም በለው። ባሌን ግን ሳየው አውቀዋለሁ። እሱን ራሱን ያምጣልኝ።»

«ካባው ሩቅ ነው፣ ዝናብ ነው፣ እስክመለስ ይሞታሉ ይላል።»

«እንግዲያው ይፍጠን።»

ማርሻሎው ወደ ሣጥኑ፣ ከዚያ ወደ ዝናቡ አየ። ሣጥኑን ይዞ እንዳይሄድ ዝናቡና ብርዱ ይጨርሳቸዋል። ጎንበስ ብሎ ከጣራው ጥላ ሥር፣ ከደፉ ወዲያ ደረቁ ቦታ ላይ አስቀመጠው። ካፖርቱንም አውልቆ አለበሰው። ከዚያም በሸሚዝ ብቻ ወደ አስኮ በሚወስደው መንገድ ሮጠ። በጭቃው እያዳለጠው፣ አንድ ጊዜ በእጁ መሬት ይዞ እየተነሣ ሮጠ። ፈቀደ ከኋላው ተከተለው። የኮልፌ ሰው ከየደጃፉ ቆሞ አባ በረሮን ሲሮጥ አየው። ያጨበጨበ ግን አልነበረም።

ሰብሪያ ዝናቡን አቋርጣ መጣችና ሣጥኑን በእግሯ ጫፍ ነካ አደረገችው።

«ልርገጥልሽ?»

«ተይው።»

ወይዘሮ አልማዜም አንገታቸውን አውጥተው አዩ። «ይሞቱበታል እኮ ልጄ። አስገቢያቸውና አሙቂያቸው፣ ኋላ ሰበብ እንዳይሆንብን።»

ጥሩብርሃን ሄዳ ካፖርቱን ገለጥ አድርጋ ተመለከተች። ፉልሚኔ ጢሙን አጥፎ ቅርፊቱን ተጠግቷል። እሱማ ምን በደለ፤ እሱንም ከአገሩ አምጥተው ነው ያሰሩት። አሳዘናት። ከእንግዲህ ምን ያህል ጊዜ እንደሚቆይም ታውቃለች፤ ብርድ በረሮን ቀስ ብሎ ነው የሚጨርሰው፤ እስከ ማታ ይታገሣል። ካፖርቱን መልሳ አለበሰችው። ሣጥኑን ግን አላነሣችውም።

«ይቆዩ» አለች። «እኛም አምስት ወር ቆይተናል።»

ገብታ ከድስቱ አጠገብ ተንበረከከች። ፍሙ ነዶ ከማለቁ በፊት አመድ ወደ መሃል ሰበሰበችና በደንብ አዳፈነችው፤ እንዲህ ከተዳፈነ ለሰዓታት ይቆያል። ከሽመናው ጉድጓድ አጠገብ በርጩማ አኖረች። ድስቱንም ገፋ አድርጋ መሸሻ ሲቀመጥ እግሩ ከሚያርፍበት ቦታ ላይ አስቀመጠችው።

«መጀመሪያ እሱ ይሞቃል» አለች ለአማቷ። «ከተረፈ በረሮዎቹን አስገባለሁ።»